ቆርጦ መቀጠል

በጁባ ከተማ በኮንዮ ኮንዮ ገበያ አንድ ወጣት ነጋዴ ከሱቁ ደጃፍ ቆሞ በእጅ ስልኩ ፊልም ሲያነሳ ማየት እንግዳ ነገር አይደለም። በመጀመሪያ በሸቀጥ የተሞላውን መደርደሪያ ያነሳል፤ ቀጥሎ የሚገቡና የሚወጡ ደንበኞችን ያነሳል። ስልኩን ወደ ጎን ዞር ሲያደርግ ግን የዝናቡ ጭቃ፣ የቆሻሻው ክምር፣ የቦዳ ቦዳ ሞተሮች ግርግር፣ ከአጠገቡ በወባ ተይዞ በካርቶን ላይ የተጋደመው የሥራ ባልደረባው አብረው ይገቡበታል። ማታ ሱቁን ዘግቶ ቁጭ ሲል ጭቃውንና ሕመምተኛውን ይቆርጥና መደርደሪያውን ከደንበኞቹ ጋር ይቀጥለዋል። ከአንድ ደቂቃ የማይበልጠው ፊልም በዚያው ሌሊት ወደ ደሴ፣ ወደ ደብረ ማርቆስ ወይም ወደ አዲስ አበባ ይላካል።

በተላከው ፊልም ውስጥ ሐሰት የሆነ አንድም ምስል የለም። መደርደሪያው የራሱ ነው፤ ደንበኞቹም በእርግጥ ገዝተዋል። ዳሩ ግን ያንን ፊልም ያየ ታናሽ ወንድም ትምህርቱን አቋርጦ፣ የእናቱን በሬ አሽጦ መንገድ ቢጀምር፣ የተነገረው እውነት ነበር ወይስ ሐሰት? እያንዳንዱ ቁራጭ እውነት ሆኖ ሳለ ቅጥሉ ውሸት ሊሆን ይችላልን? ቢሆንስ ተጠያቂው ማን ነው?

የአማርኛ ተናጋሪ ለዚህ ጥያቄ ግማሽ መልስ በአፉ ይዞ ኖሯል። ሐሰት የሚያቀናብር ሰው «ቆርጦ ቀጥል» ይባላል። አነጋገሩ ውሸታሙን የሌለ ነገር ፈጠረ ብሎ አይከሰውም፤ ያለውን ነገር ከቦታው ቆርጦ ከሌላ ቦታ ቀጠለው ብሎ ነው የሚወቅሰው። ይህ አባባል ስለ ሲኒማ የተነገረ ይመስላል። የፊልም አርታዒ የዕለት እንጀራ መቁረጥና መቀጠል ነውና። እንግዲያስ ሙያው ራሱ በስሙ የተፈረደበት ነው ማለት ነው? መልሱን ለማግኘት ይህንን ሙያ ወደ ከፍተኛ ደረጃ ካደረሱት ሰዎች የአንዷን ሕይወት መመርመር ይጠቅማል።

ኤስፊር ሹብ እ.ኤ.አ. በ1894 በሩሲያ ግዛት በምትገኝ ትንሽ ከተማ ተወለደች። በሞስኮ ሥነ ጽሑፍ ተማረች፤ ከአብዮቱ በኋላም በቲያትር ሥራ ውስጥ ቆይታ በ1922 የመንግሥት የፊልም ድርጅት በነበረው በጎስኪኖ ተቀጠረች። የተሰጣት ሥራ የራሷን ፊልም መሥራት አልነበረም። ከጀርመን፣ ከአሜሪካና ከሌላም አገር የሚገቡ ፊልሞችን ለሶቪየት ተመልካች «እንዲስማሙ» አድርጎ እንደገና ማዘጋጀት ነበር። በዚያ ዘመን ፊልም ድምፅ አልባ ስለነበር የተዋናዩ ንግግር በጽሑፍ ይቀርብ ነበር። ጽሑፉን የለወጠ ሰው የተዋናዩን አሳብ ይለውጣል፤ የትዕይንቱን ቅደም ተከተል ያዛባ ደግሞ ጥፋተኛውን ንጹሕ፣ ንጹሑን ጥፋተኛ ማድረግ ይችላል። ሹብ ይህንን በመቀስና በማጣበቂያ ስትሠራ ዓመታት አለፉ። በ1924 ፍሪትዝ ላንግ የተባለው ዳይሬክተር የሠራውን «ዶክተር ማቡዜ» ስትቆርጥ፣ በኋላ ስሙ በዓለም የገነነው ሰርጌይ አይዘንስታይን ከአጠገቧ ተቀምጦ ሙያውን ይቀስም ነበር።

እንግዲህ የሹብ የሙያ ጅማሬ ያለ ጥርጥር የ«ቆርጦ ቀጥል» ሥራ ነበር። የሌላን ሰው ድካም፣ ሰውዬው ሳይፈቅድ፣ ለመንግሥት ፍላጎት ማሻሻል ነው። ነገር ግን መቀስ በእጁ የያዘ ሰው ሥራው ሌላም ነገር ያስተምረዋል። አንድ ምስል ለብቻው የሚናገረው እጅግ ጥቂት መሆኑን፣ ትርጉሙን የሚያገኘው ከጎረቤቱ መሆኑን ያያል።

ይህንኑ ጉዳይ በዚያው ዘመን ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለ ሌላ ሩሲያዊ በሙከራ አሳይቷል። ኢቫን ሞዡኪን የተባለውን ታዋቂ ተዋናይ፣ ስሜት የማይነበብበትን ፊቱን፣ አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን፣ አንድ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን ጋር ቀጠለው። ተመልካቾች በፊተኛው የረሃብን፣ በኋለኛው የሐዘንን አገላለጽ አደነቁለት ይባላል። ፊቱ ግን አንድ ነበር። ረሃቡና ሐዘኑ የነበሩት ከፊቱ ላይ ሳይሆን በሁለቱ ምስሎች መካከል ነው፤ ከዚያም አልፎ በተመልካቹ ልብ ውስጥ ነው። የቅጥል ኃይልም አደጋም ከዚህ ይመነጫል። ተመልካቹ ሌላ ሰው የነገረውን ነገር ራሱ ያየው ይመስለዋል፤ በዓይኔ አየሁ ብሎም ይምላል።

በ1926 ሹብ ወደ ሌኒንግራድ ሄደች። በእርጥብ ምድር ቤት ተጥሎ የነበረ የአሮጌ ፊልም ክምችት ነበር። ከዚያ ውስጥ የንጉሠ ነገሥት ኒኮላስ 2ኛ የቤተ መንግሥት ፊልም አንሺዎች ያነሷቸው ሰልፎች፣ በዓላት፣ የመርከብ ሽርሽሮች ይገኙበት ነበር። በሁለት ወር ውስጥ 60,000 ሜትር ፊልም ተመለከተች፤ ወደ 5,200 ሜትር መርጣ ወደ ሞስኮ ወሰደች። ከዚህና ከሌላ ክምችት በመጨረሻ 1,500 ሜትር ገደማ የሆነው «የሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት» በ1927 ለሕዝብ ታየ። ካሜራ ይዛ ቤተ መንግሥት አልገባችም፤ ተዋናይ አልቀጠረችም። መኳንንቱ በመርከብ ወለል ላይ ሲጨፍሩ የሚያሳየውን ምስል፣ ጉድጓድ እየቆፈሩ ላባቸውን ከሚያንጠፈጥፉ ገበሬዎች ጋር ቀጠለችው። ንጉሡ ክብሬን ይመሰክርልኛል ብሎ ያስነሳው ፊልም ምስክርነቱን ገልብጦ ሰጠ።

ድርጅቱ ሹብን እንደ ፊልሙ ደራሲ ሊቆጥራት አልፈለገም ነበር። የሌላ ሰው ቁራጭ የቀጠለች ሠራተኛ ናት የሚል ነበር አሳቡ፤ ባለቅኔው ማያኮቭስኪ በአደባባይ ተከራክሮላታል። ይህ ክርክር የደመወዝ ጉዳይ ብቻ አይደለም። የሞራል ጥያቄም አለበት። ቀጣዩ ደራሲ ካልሆነ ተጠያቂም አይሆንም፤ «ምስሉን ያነሳሁት እኔ አይደለሁም» ብሎ እጁን ይታጠባል። ደራሲ ነው ከተባለ ግን ለቅጥሉ መልስ መስጠት አለበት። ክብርና ተጠያቂነት በአንድ ገመድ የታሰሩ ናቸው፤ አንዱን የጠየቀ ሌላውን እምቢ ሊል አይችልም።

ከዚህ ፊልም በኋላ ወደ ግማሽ ምዕተ ዓመት ገደማ ሲያልፍ፣ ተመሳሳይ ሥራ በአዲስ አበባ ተሠራ።

በወሎ ጠቅላይ ግዛት ረሃብ ገብቶ ሕዝቡ በየመንገዱ ሲወድቅ የዘውዱ መንግሥት ነገሩን ለመሸፋፈን ሞክሮ ነበር። በ1965 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ መምህራን ወደ ስፍራው ሄደው ያመጧቸው ፎቶግራፎች በዋና ከተማው መነጋገሪያ ሆኑ። ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ደግሞ ጆናታን ዲምብልቢ የተባለው እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ «ያልታወቀው ረሃብ» የተሰኘ ፊልሙን በእንግሊዝ ቴሌቪዥን አቀረበ። ፊልሙ ከልዩ ልዩ አገር እርዳታ አስገኘ። እነዚያ በወሎ የታዩ ፊቶች ለመጀመሪያ ጊዜ ለዓለም የተናገሩት «እንጀራ ስጡን» የሚል ነበር።

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ የዘመን መለወጫ ዕለት፣ ይኸው ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። ዳሩ ግን እንደ ተሠራው አልነበረም። በሚሞቱት ሕፃናት መካከል የቤተ መንግሥቱ ግብዣ፣ የሚቀዳው መጠጥ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ምስሎች ገብተውበታል። ግርማዊነታቸውም ፊልሙን እንዲመለከቱ እንደተነገራቸው ይተረካል። በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ከዙፋናቸው ወረዱ። ያንን ፊልም የቆረጠውና የቀጠለው ሰው ስም ግን በሕዝብ ዘንድ አይነሳም። የሹብን ሥራ ያውቅ ኖሯል ወይስ መቀሱ ራሱ አስተማረው? ሥራው ግን አንድ ነው። ንጉሡ ለክብራቸው ያስነሱት ምስል በራሳቸው ላይ መሰከረ።

እዚህ ላይ ፍርድ ቸኩሎ መስጠት አይገባም። ያ ቅጥል ውሸት ነበርን? ረሃቡ እውነት ነው፤ ግብዣው እውነት ነው። ከዚህም በላይ በሁለቱ መካከል ያለው ግንኙነት የተፈጠረ ሳይሆን ተሸፍኖ የኖረ ነበር። በአንድ አገር፣ በአንድ ዘመን፣ አንዱ ሲደግስ ሌላው ሞቷል፤ የደጋሹም መንግሥት ሞቱን ደብቋል። ሁለቱን ምስሎች ለያይቶ ያስቀመጣቸው የዘውዱ ሳንሱር ነበር። ከዚህ አንጻር ሲታይ ቀድሞ የቆረጠው ቤተ መንግሥቱ ነው፤ የቴሌቪዥኑ ባለ መቀስ የተቆረጠውን መልሶ ቀጠለ ማለት ይቻላል። «ቆርጦ ቀጥል» የሚለው ነቀፋ ለሁሉም ቅጥል የማይሠራው በዚህ ምክንያት ነው። በኃይል የተለያየውን የሚያገናኝ ቅጥል አለ፤ ይህ እውነትን ማገልገል ነው።

ታዲያ ያቺ ማታ ለምን ዛሬም ታሳስባለች? መልሱ ከፊልሙ ውስጥ ሳይሆን ከፊልሙ በኋላ ይገኛል። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. 60 ሰዎች፣ አብዛኞቹ የቀድሞው መንግሥት ሹማምንት፣ ያለ ፍርድ ተረሸኑ። ለሞት የሚያበቃ ክስ በፍርድ ቤት ሲቀርብ ምስክር ይጠየቃል፤ ተከሳሹም «ከዚህ በፊትና ከዚህ በኋላ ያለውስ?» ብሎ የመጠየቅ መብት አለው። በቅጥል የተነሣ ቁጣ ግን ይህንን ጥያቄ አይጠብቅም። ግብዣው የትኛው ቀን ነበር? ከተረሸኑት መካከል ስለ ወሎ የሚያውቀው ማን፣ የማያውቀው ማን ነበር? ፊልሙ ይህን አልመለሰም፤ እንዲመልስም አልተሠራም።

ከ10 ዓመት በኋላ ደግሞ መቀሱ ዞረ። በመስከረም 1977 ዓ.ም. ደርግ የአብዮቱን 10ኛ ዓመት በታላቅ ወጪ ሲያከብር፣ ወሎና ትግራይ ከቀድሞው በባሰ ረሃብ ተይዘው ነበር። አዲስ አበባ በሰንደቅ ዓላማና በቅስት ደምቃ ሳለ በኮረም ሜዳ ሕዝብ ይረግፍ ነበር፤ የአገሪቱ ቴሌቪዥን ግን በዓሉን ከረሃቡ ጋር አልቀጠለውም። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ኬንያዊው ሞሐመድ አሚን ያነሳውና ማይክል ብዩርክ ያቀረበው ዘገባ በቢቢሲ እስኪታይ ድረስ ዓለም የነገሩን ስፋት በሚገባ አላየም። ንጉሡን በቅጥል የከሰሰው መንግሥት ያንኑ ክስ ከራሱ ላይ ቆርጦ ጣለው። «በሰፈሩት ቁና መሰፈር አይቀርም» እንዲሉ፣ ያ የ1967ቱ ፊልም ተመልሶ ቢታይ ኖሮ ከግብዣው ምስል በቀር የሚለወጥበት ነገር ጥቂት ነበር።

የወሎ ተራቢዎች ግን በሁለቱም ጊዜ አልተጠየቁም። ፊታቸው መጀመሪያ እህል ለመለመን፣ ቀጥሎ ዙፋን ለመገልበጥ አገለገለ፤ ለዙፋኑ የሚፈለግ ሳይሆን ሲቀር ከፊልሙ ወጣ። የሰውን ሥቃይ ምስል አድርጎ የተጠቀመ ሰው ከባለ ሥቃዩ ብድር ወስዷል። ብድሩን የሚከፍለው ምስሉ ጥቅም ባይሰጠውም፣ ይልቁንም በራሱ ላይ ቢመሰክርም፣ አለመደበቅ ሲችል ነው። ደርግ ያልከፈለው ብድር ይህ ነው።

ሹብስ? ሐቀኛ ሚዛን እርሷንም ሊለቃት አይገባም። ከአጻጻፏና ከሥራዋ እንደሚታየው ለአሮጌው ምስል ትልቅ ክብር ነበራት። ብዙዎቹ የዘመኑ አርታዒዎች ምስልን በቅጽበት እየበጣጠሱ ሲያፈጥኑ፣ እርሷ ተመልካቹ ራሱ አስተውሎ እንዲመረምር ምስሉን ረዘም አድርጋ ትተወው ነበር። ይህ ከሥነ ጥበብ ምርጫ በላይ ነው፤ ለተመልካቹ የመፍረድ ዕድል መስጠት ነው። ሆኖም የቮልጋ አካባቢ ረሃብ በ1921 እና በ1922 ሚሊዮኖችን ሲፈጅ የነበረው በሶቪየት ዘመን ነበር፤ የአብዮቱን 10ኛ ዓመት ለማክበር በመንግሥት ገንዘብ የሚሠራ ፊልም ደግሞ መቀሱን ወደ ንጉሡ እንጂ ወደ አዲሱ ገዥ ሊያዞር አይችልም ነበር። በ1930ዎቹ ዓመታት ስታሊን ጠላቶቼ ያላቸውን ሰዎች ከሕይወትም ከፎቶግራፍም ሲያስወግድ፣ የአርታዒ ሙያ ምን ያህል ወደ ገዳይነት ሊጠጋ እንደሚችል ታየ። ሹብ በ1959 አረፈች። ያተረፈችው የፊልም ክምችት ግን ዛሬም አለ፤ እርሷ ከቀጠለችው የተለየ ነገር ለመቀጠል የሚፈልግም ወደዚያው ሊመለስ ይችላል። ምናልባት ከሥራዋ ሁሉ ትልቁ የሞራል ትምህርት ይህ ይሆናል። የመረጠችውን ስትቀጥል ያልመረጠችውን አላቃጠለችም።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ ይነሣል። «ችግሩ መቁረጡ ከሆነ፣ ለምን ሁሉም ነገር ሳይቆረጥ አይታይም?» የሚል ነው። ይህ ግን ለሰው ልጅ የተፈቀደ ነገር አይደለም። 60,000 ሜትር ፊልም ሳይቆረጥ ለሕዝብ ቢቀርብ ማንም አይቶ አይጨርሰውም፤ ቢጨርሰውም ከብዛቱ የተነሣ ምንም አይረዳም። ታሪክ ጸሐፊ ይቆርጣል፤ ሽማግሌ ባልና ሚስት ሲያስታርቅ የሚባለውንና የማይባለውን ይለያል፤ እናት ለልጇ ስለ አባቱ ስትነግር የምትተወው አላት። እንግዲህ ጥያቄው «ልቁረጥ ወይስ አልቁረጥ?» አይደለም። «ስቆርጥ ለማን ባለ ዕዳ ነኝ?» የሚለው ነው።

ባለ ዕዳነቱ ለሦስት ወገን ነው። አንደኛው በምስሉ ውስጥ ያለው ሰው ነው፤ ከፊልሙ ራሱን ቢያይ «ይህ በእርግጥ እኔን የገጠመኝ ነው» ሊል ይገባዋል። ሁለተኛው ተመልካቹ ነው፤ የተቆረጠውን ቢያውቅ ኖሮ ፍርዱን ይለውጥ ነበር ወይ ተብሎ መጠየቅ አለበት፤ የሚለውጥ ከሆነ ያ ቁራጭ ሊጣል አይገባውም። ሦስተኛውና ከሁሉ የሚከብደው ራሱ ቆራጩ ነው። በሌላው ላይ ያደረገውን ቅጥል ሌላው በእርሱ ላይ ቢያደርገው «ይገባኛል» ብሎ ይቀበላልን? የ1967ቱ ቅጥል ለዲምብልቢ ፊልም ተራቢዎች እውነቱን ሳይናገር አልቀረም፤ በሦስተኛው ፈተና ግን ከ10 ዓመት በኋላ ወደቀ።

ይህ ሚዛን ዛሬ ለፊልም ባለሙያ ብቻ የሚቀር አይደለም። በሹብ ዘመን መቀሱ በጥቂት ሰዎች እጅ ነበር፤ በ1967 ዓ.ም. ደግሞ በአንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ውስጥ ነበር። አሁን ግን ኮንዮ ኮንዮ ላይ ቲማቲም የሚሸጠውም፣ ሻይ የምታፈላውም፣ ቦዳ ቦዳ የሚነዳውም በኪሱ ይዞት ይዞራል። ሥልጣኑ ሲበዛ ተጠያቂነቱም አብሮ መብዛት ነበረበት።

አንድ ምሳሌ ይወሰድ። በገበያው ውስጥ በሁለት ሰዎች መካከል ጠብ ተነሣ እንበል፤ አንዱ የአገሩ ተወላጅ፣ ሌላው ከሐበሻ ወገን ነው። ጠቡ 5 ደቂቃ ይፈጃል። ስድብ፣ ግፊያ፣ ምላሽ፣ በመጨረሻም የሽማግሌዎች መግባትና እርቅ አለበት። አንድ ተመልካች ከ5ቱ ደቂቃ ምላሽ ዱላው የተሰነዘረበትን 10 ሴኮንድ ቆርጦ ቢለቀው፣ ምስሉ ሐሰት የለበትም፤ ዱላው በእርግጥ ተሰንዝሯል። ነገር ግን ስድቡም እርቁም ተቆርጠዋል። በታኅሣሥ 2013 እና በሐምሌ 2016 እ.ኤ.አ. ምን ያህል ደም በጎዳናዋ እንደፈሰሰ በምታስታውስ ጁባ ውስጥ፣ 10 ሴኮንድ የሱቅ በር ሊያሰብር፣ ነፍስም ሊያስጠፋ ይችላል። ቆራጩ በዚያን ጊዜ «እኔ ያየሁትን ነው ያሳየሁት» ሊል አይችልም። ያየው 5 ደቂቃ ነው፤ ያሳየው 10 ሴኮንድ።

የመጀመሪያው ወጣትም ጉዳይ ከዚህ ጋር ይዛመዳል፤ ለእርሱ ግን ርኅራኄ ያስፈልገዋል። ጭቃውን የቆረጠው ለማታለል ብሎ ላይሆን ይችላል። እናቱ እንዳትጨነቅ፣ የሄደበት መንገድ ከንቱ እንዳይመስል፣ ምናልባትም ለራሱ ጭምር ተስፋ ለመስጠት ነው። በስደት ያለ ሰው ለቤቱ የሚልከው ደብዳቤ በአያቶች ዘመንም «ደህና ነኝ» በሚል ይጀምር ነበር። ለእናት የሚላክ ማጽናኛ አንድ ነገር ነው፤ የታናሽ ወንድምን የሕይወት ውሳኔ የሚወስን ምስክርነት ግን ሌላ ነገር ነው። አንዱ ፊልም ለሁለቱም ሲላክ ለእናትየው ማጽናኛ የሆነው ለወንድምየው ወጥመድ ይሆናል። ወንድምየው ጭቃውን ቢያይ ኖሮ ውሳኔውን ይለውጥ ነበር? ይለውጥ ከነበረ ጭቃው የእርሱ ድርሻ ነበር፤ ወንድሙ ሊቆርጥበት አይገባም ነበር።

የሹብ ሕይወት እንደሚያሳየው የቅጥል ትርጉም በቀጣዩ እጅ ለዘለዓለም አይቆይም። ንጉሥ ኒኮላስ ለክብሩ ያስነሳው ፊልም ከሞተ በኋላ ከሰሰው፤ የአዲስ አበባውም እንዲሁ ሆነ። «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» የሚለው አባባል የሚያጽናና ብቻ ሳይሆን የሚያስጠነቅቅም ነው፤ እያደር የሚጠራው የሌላው ጥፋት ብቻ አይደለምና። ስለዚህ ያ የኮንዮ ኮንዮ ወጣት ማታ ስልኩን ከፍቶ ሊቆርጥ ሲነሣ ሙሉውን ፊልም ሳያጠፋ ቢያስቀምጠው መልካም ነው። ታናሽ ወንድሙ ደውሎ «ልምጣ ወይ?» ብሎ የጠየቀ ዕለት የሚላከው ያኛው ነው።